የመኪናዎ ጣራ አንቴና ሲበላሽ፦ ሬዲዮውን ከመቀየርዎ በፊት

በኔቬ ዮሴፍ ዳገትና ቁልቁለት ላይ የቆሙትን መኪኖች ጣራ ልብ ብሎ ያየ ሰው፣ ከፊሎቹ አንቴናቸው ተሰብሮ ጉቶው ብቻ እንደቀረ፣ ከፊሎቹ ደግሞ የጎማ ልባሱ ተሰነጣጥቆ ሽቦው እንደወጣ ያስተውላል። የሰፈራችን መኪና አብዛኛው የሚያድረው ደጅ ነው። በጋውን በሙሉ ፀሐይ ይመታዋል፤ ከባሕር የሚነሳው ጨው ያዘለ አየር ብረቱን ይበላዋል፤ የመኪና ማጠቢያው ብሩሽና ዝቅ ያለ የዛፍ ቅርንጫፍ ደግሞ የቀረውን ይጨርሱታል።

አንቴና ትንሽ ነገር ይመስላል። ነገር ግን ዕብራይስጥ ለሚከብዳቸው አባቶችና እናቶች በሬካ ጣቢያ የሚተላለፈው የአማርኛ ዝግጅት ከዋናዎቹ የወሬ ምንጮች አንዱ ነው፤ ብዙዎችም የሚሰሙት መኪና ውስጥ፣ ልጃቸው ወደ ኩፓት ሖሊም ሲያደርሳቸው ወይም ከሥራ ሲመለሱ ነው። እ.ኤ.አ. በጁላይ 16 ቀን 2006 ሮኬት ሐይፋ የሚገኘውን የባቡር ጥገና ጋራዥ መትቶ ስምንት ሠራተኞች የሞቱበትን ቀን ከተማችን አልረሳችም። ከዚያ በኋላም ሲሬናው ብዙ ጊዜ ጮኋል። በእንዲህ ያለ ጊዜ የቤት መብራት ቢጠፋ፣ የስልክ መስመር ቢጨናነቅ፣ የመኪና ሬዲዮ በመኪናው ባትሪ ይሠራል። እሽሽ ብቻ የሚል ከሆነ ግን ምን ዋጋ አለው?

ይህን ጽሑፍ እንድናዘጋጅ ያደረገን ሌላም ጉዳይ አለ። አንድ የሰፈራችን አባት ሬዲዮአቸው መንሾካሾክ ሲጀምር ወደ አንድ ሙሳኽ ወሰዱት። «ሬዲዮው አልቆለታል» ተባሉ፤ አዲስ ገዙ፣ አስገጠሙ። አዲሱም ያንኑ እሽሽታ ቀጠለ። በመጨረሻ ሲታይ ጥፋቱ ጣራ ላይ ያለው ዘንግ ነበር፤ የዘንጉ ዋጋ ደግሞ ከአንድ የውጭ ምሳ ብዙም አይበልጥም። ከጡረታ አበል ላይ ተቀንሶ የተከፈለው የሬዲዮ ገንዘብ ግን አልተመለሰም። ስለዚህ ትምህርቱን ከመሣሪያ ሳይሆን ጥፋቱን ከመለየት እንጀምራለን።

ጥፋቱ የት እንዳለ መለየት

የጣራ አንቴና ሦስት ክፍል አለው። ከላይ የሚታየው ዘንግ፣ ዘንጉ የሚታሰርበት መሠረት፣ ከመሠረቱ ተነስቶ በጣራው ልባስ ውስጥ አልፎ እስከ ሬዲዮው ጀርባ የሚደርሰው ገመድ። በመለዋወጫ ሱቅ ውስጥ ዘንጉ «ሞት አንቴና» ይባላል። ሻጩ እንዲህ ሲል አይደንግጡ፤ በዕብራይስጥ «ሞት» ማለት ዘንግ ነው። መሠረቱ «ባሲስ»፣ ገመዱ «ኬቬል» ነው። ሦስቱን ቃላት ይዞ መሄድ ብቻውን ገንዘብ ያድናል፤ ምክንያቱም «አንቴና ስጠኝ» ያለ ሰው ሦስቱንም ገዝቶ ሊወጣ ይችላል።

ማንኛውንም ነገር ከመፍታትዎ በፊት በሲጋራ መለኮሻው ላይ የተሰካውን የስልክ ቻርጀር ይንቀሉ። የመንገድ ካሜራ ካለም ይንቀሉት። ርካሽ ቻርጀሮችና ካሜራዎች በኤፍኤም ላይ ጩኸት የሚፈጥሩበት ጊዜ ብዙ ነው። ሲነቅሉት ድምፁ ከጠራ ሥራው እዚያው አለቀ፤ አንቴናዎ ጤነኛ ነው። ቀጥሎ ቦታ ይለውጡ። ከመሬት በታች ባለ ማቆሚያ ውስጥ ወይም በረጃጅም ሕንፃዎችና በቀርሜሎስ ተራራ እጥፋቶች መካከል ድምፁ መድከሙ የተለመደ ነው። ገላጣ ቦታ ላይ፣ ለምሳሌ ታች ወደ ሚፍራጽ ሲወርዱ፣ አሁንም ቅርብ ያሉት ጠንካራ ጣቢያዎች ብቻ እየተሰሙ ሌሎቹ የሚጠፉ ከሆነ አንቴናውን መጠርጠር ተገቢ ነው።

ከዚያ ዘንጉን በእጅ ይያዙት። ይላወሳል? አንዳንዴ ችግሩ መላላት ብቻ ሆኖ በእጅ ማጥበቅ ይበቃል። ካልሆነ ተመሳሳይ መኪና ያለው ጎረቤት ይፈልጉ፤ የእሱን ዘንግ ለአምስት ደቂቃ ተውሰው የእርስዎ ላይ ያስሩት። ሬዲዮው ከተናገረ የሚገዙት ዘንግ ብቻ ነው። በሰፈር መኖር ከሚሰጣቸው ጥቅሞች አንዱ ይኸው ነው፤ አንድ ዓይነት መኪና ያላቸው ሁለት ቤተሰቦች በአንድ መንገድ ላይ አይጠፉም።

የጎረቤት ዘንግም ካልረዳ ጥፋቱ ወደ መሠረቱ ወይም ወደ ገመዱ ወርዷል። ልጅዎ ቴስተር የሚባለውን የኤሌክትሪክ መለኪያ መጠቀም የሚያውቅ ከሆነ ሬዲዮውን ከቦታው አውጥቶ የአንቴናውን ሶኬት ይለካ። የውጭው ብረት ከመኪናው ጣራ ጋር መገናኘት አለበት፤ መካከለኛው ሹል ደግሞ ከውጭው ብረት ጋር መገናኘት የለበትም። ማጉያ በሌለው ቀላል አንቴና ላይ መካከለኛው ሹል ከዘንጉ ጋር ይገናኛል። ማጉያ ባለው ላይ ግን ይህ የመጨረሻው መለኪያ አያገለግልም።

ስለ ማጉያው ትንሽ እንቆይ፤ ብዙ ሰው የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው። ኤፍኤም ሞገድ 100 ሜጋኸርዝ አካባቢ ሲሆን ርዝመቱ 3 ሜትር ያህል ነው፤ ጥሩ አንቴና ደግሞ የዚያን ሩብ፣ ማለትም 75 ሴንቲ ሜትር ያህል ቢሆን ይመረጣል። የድሮዎቹ ረጃጅም ዘንጎች ለዚህ ነበር የረዘሙት። ዛሬ ያሉት አጫጭር ዘንጎች ሽቦውን በውስጣቸው እንደ ጥቅል ጠምጥመው ይይዛሉ፤ የጎደለውን ኃይል ብዙ ጊዜ በመሠረቱ ውስጥ ያለ ትንሽ ማጉያ ይሞላዋል። ማጉያው 12 ቮልት መብራት ይፈልጋል፤ መብራቱን የሚያገኘው ከሬዲዮው በአንቴናው ገመድ በኩል ወይም በተለየ ቀጭን ሽቦ ነው። ሬዲዮ ሲቀየር ይህ ሽቦ ሳይገናኝ ከቀረ ጤነኛው አንቴና የሞተ ይመስላል። ስለዚህ «ሬዲዮውን ካስቀየርኩ ወዲህ ነው የተበላሸው» የሚል ሰው አንቴና ሊገዛ አይሂድ፤ ሬዲዮውን ወደገጠመለት ሰው ተመልሶ የማጉያው መብራት መገናኘቱን ያስረጋግጥ።

ዘንጉን ብቻ መቀየር

ይህ ማንም ሊሠራው የሚችል ሥራ ነው። ዘንጉን ከግርጌው ይዘው ወደ ግራ ያዙሩት። ጨውና ዝገት ይዞት እምቢ ካለ የዝገት ማስለቀቂያ ዘይት ጠብ አድርገውበት ግማሽ ሰዓት ይታገሱ፤ ከዚያ በጨርቅ ጠቅልለው በፒንሳ በቀስታ ይሞክሩ። ዘንጉን ሲያዞሩ መሠረቱም አብሮ ከዞረ ወዲያውኑ ያቁሙ፤ ከታች ያለው ገመድ እየተጠመዘዘ ነው ማለት ነው። የዘንጉ ቪቴ መሠረቱ ውስጥ ተሰብሮ ከቀረ ደግሞ ዘንግ መቀየር ብቻ አይበቃም።

ሱቅ ሲሄዱ አሮጌውን ይዘው ይሂዱ። የቪቴው ውፍረት ብዙ ጊዜ 5 ወይም 6 ሚሊ ሜትር ነው፤ በዓይን አይለይም። ቼክ ፖስትና ሚፍራጽ አካባቢ ያሉ የመለዋወጫ ሱቆች ውስጥ አሮጌውን አሳይቶ «ሞት ካዜ» ማለት ይበቃል፤ እንደዚህ ያለ ዘንግ ማለት ነው። ሲያስሩት የመጀመሪያዎቹን ዙሮች በጣት ብቻ ያዙሩ። ከጠነከረ ቪቴው አልገጠመም፤ በጉልበት ከገፉት የመሠረቱን ጥርስ ይበሉታል። ርዝመቱ ደግሞ ከመጀመሪያው እኩል ይሁን። ወጣቶች ለማማር ብለው የሚያስሩት የጣት ርዝመት ያለው ዘንግ ከተማ ውስጥ ያሉትን ጠንካራ ጣቢያዎች ይይዝ ይሆናል፤ ራቅ ያለውንና ደከም ያለውን ግን ያሳጣል። አባት የሚፈልጉት ጣቢያ ያ ደካማው ሊሆን ይችላል። እንደ ዓሣ ክንፍ ሆኖ በሙጫ የሚለጠፈው ጌጥም አብዛኛው ውስጡ ባዶ ነው። ከፋብሪካው የመጣ እውነተኛ ክንፍ ከሆነ ግን ውስጡ የመንገድ መፈለጊያና የሌሎች መሣሪያዎች ሽቦም ስላለው ለባለሙያ ይተዉት።

መሠረቱን መቀየር

ይህኛው ትዕግሥትና ሁለት ሰው ይጠይቃል። ገና ከጅምሩ ሁለት ነገር ያስቡ። መኪናው ገና የዋስትና ጊዜው ካላለፈ፣ ወይም የመሥሪያ ቤት ወይም የሊዚንግ መኪና ከሆነ አይንኩት። ዓርብ ከሰዓት በኋላም አይጀምሩ። አንድ ክሊፕ ቢሰበር ሱቁ ተዘግቷል፣ ሰንበት ገብቷል፣ መኪናዎ ጣራው ላይ ቀዳዳ ይዞ ያድራል። የተሻለው ጊዜ ከመጸው በዓላት በፊት፣ የመጀመሪያው ዝናብ ሳይመጣ ነው።

አደጋው ያለው ኤርባግ ላይ ነው። ብዙ መኪኖች ከበሮቹ በላይ፣ በጣራው ልባስ ጎንና ጎን፣ የመጋረጃ ኤርባግ አላቸው። በበሩና በመስታወቱ መካከል ባለው ምሰሶ ልባስ ላይ «ኤርባግ» የሚል ጽሑፍ ካለ ያንን ምሰሶ አይፍቱ፤ ቢጫ ሶኬት ካዩም አይንቀሉ። መሠረቱ ጋ ለመድረስ ምሰሶውን መፍታት ግድ የሚሆንበት መኪና ከሆነ ሥራው የቤት ሥራ አይደለም፤ የመኪና ኤሌክትሪክ ባለሙያ፣ «ሐሽማላይ ሬኸብ» ጋ ይሂዱ። እዚህ ላይ ጀግንነት አያስፈልግም።

እንደ ዕድል ሆኖ ብዙ መኪኖች ላይ መንገዱ አጭር ነው። አንቴናው ከፊት፣ ከመስታወቱ በላይ ከሆነ የውስጡን መብራት ቤት ሲያወጡ በቀዳዳው በኩል ዳዶው ይታያል። ከኋላ ከሆነ የኋላውን በር የሚያሽገው ጎማ ከላይ በኩል ተነቅሎ፣ ጥቂት ክሊፖች ወጥተው ልባሱ እጅ እስኪያስገባ ድረስ ዝቅ ይላል። ልባሱን አያጥፉት፤ አንዴ ከተሰበረ ስንጥቁ ከእርስዎ ጋር ይኖራል። አንድ ሰው በሁለት መዳፉ ደግፎ ይያዘው፣ ሌላው ይሥራ። እጅ ይታጠቡ፤ የጣራ ጨርቅ ላይ የዘይት ጣት አይለቅም።

ከሁሉ በፊት ቁልፉን አውጥተው የባትሪውን ኔጋቲቭ ይፍቱና ጥቂት ደቂቃ ይቆዩ። አንዳንድ የድሮ ሬዲዮዎች መብራት ሲቋረጥባቸው የሚስጥር ቁጥር ይጠይቃሉ፤ ቁጥሩ ከመኪናው መጽሐፍ ጋር መኖሩን ቀድመው ያረጋግጡ። የሚያስፈልጉት መሣሪያዎች ብዙ አይደሉም፦ ለዳዶው ልክ የሆነ መፍቻ፣ ካቻቢቴ፣ ክሊፕ ማውጫ የፕላስቲክ መላጫ፣ ትንሽ የብርጭቆ ወረቀት፣ ናስትሮ፣ የእጅ ባትሪ። ዳዶውን በፒንሳ ለመፍታት አይሞክሩ፤ ጠርዙ ተበልቶ ይቀራል።

የገመዱን ሶኬት ይንቀሉ፤ ቀጭን የማጉያ ሽቦ ካለም የትኛው የት እንደነበር በስልክ ፎቶ ያንሱ። ዳዶው ሲፈታ አንድ ሰው ውጭ ሆኖ መሠረቱን ይያዝ፤ አለዚያ አብሮ ይዞርና ቀለሙን ይፍቃል። አሮጌው ሲወጣ ቀዳዳውን ይመልከቱ። ዳር ዳሩን ዝገት ከያዘው በብርጭቆ ወረቀት አጽድተው የተገለጠውን ብረት በዝገት መከላከያ ቀለም ይሸፍኑ፤ አንድ ቦታ ብቻ ሲቀር። ከሥር በኩል የመሠረቱ ጥርስ ያለው ሮንዴላ ጣራውን የሚነክስበት ቦታ ንጹሕ ባዶ ብረት መሆን አለበት። አንቴና የሚሠራው የመኪናውን ጣራ እንደ ግማሽ አካሉ ተጠቅሞ ነው፤ ጥርሱ ቀለም ወይም ዝገት ላይ ካረፈ አዲሱ ዕቃ እንደ አሮጌው ይንሾካሾካል። በሥራው ውስጥ አብዛኛው ሰው የሚዘለው ይህን ነው።

ከላይ ደግሞ የጎማ ማሸጊያው፣ በዕብራይስጥ «ኤቴም»፣ አዲስ ይሁን። አሮጌውን ጎማ መልሶ መጠቀም ትልቅ ስስት ነው። «ለማንኛውም» ብለው ሲሊኮን የሚቀቡ ሰዎች አሉ፤ ኮምጣጤ የሚሸተው ሲሊኮን ብረት ያዝጋል፣ ጥርሱ ሥር ከገባም ግንኙነቱን ያበላሻል። ጎማው ልክ ከሆነ ሲሊኮን አያስፈልግም። ዳዶውን በእጅ እስኪይዝ አጥብቀው፣ ጎማው ጠፍጠፍ እስኪል በመፍቻ ትንሽ ብቻ ይጨምሩ። ከመጠን በላይ ከጠበቀ ስስ የሆነው የጣራ ቆርቆሮ ይጎደጉዳል፤ በጎድጓዳው ውኃ ይጠራቀማል።

ልባሱን ከመመለስዎ በፊት ባትሪውን አገናኝተው ሬዲዮውን ይክፈቱ። ጥሩ ከሆነ ቀጣዩ ፈተና ውኃ ነው። አንዱ ከላይ በአንቴናው ዙሪያ አንድ ትልቅ ጠርሙስ ውኃ ቀስ እያለ ያፍስስ፤ ሌላው ውስጥ ሆኖ ከዳዶው ሥር ሶፍት ይያዝ። ሶፍቱ ከአሥር ደቂቃ በኋላ ደረቅ ከሆነ ልባሱን ይመልሱ። እርጥብ ከሆነ ይፍቱና ጎማውን እንደገና ያስቀምጡ። ሬዲዮ ባይሰማ ሰው በስልኩ ይሰማል፤ ክረምቱን በሙሉ በጣራ የገባ ውኃ ግን ጨርቁን ያሻግታል፣ ወለሉ ሥር ያሉትን ሽቦዎች ያበላሻል፣ ሽታውም ለዓመት አይለቅም።

ገመዱ ራሱ ተበጥሶ ከሆነ ሌላ ታሪክ ነው። ከጣራ እስከ ሬዲዮ መሳብ ምሰሶዎቹን መፍታት ስለሚጠይቅ ለባለሙያ ይተው።

ሲገዙና ሲያሠሩ

መሠረቱን በስልክ ወይም በኢንተርኔት የሚገዙ ብዙዎች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1981 የወጣው የተጠቃሚዎች ጥበቃ ሕግ እንዲህ ያለውን ከሩቅ የተደረገ ግዢ ዕቃው ከደረሰ በ14 ቀን ውስጥ ለመሰረዝ ይፈቅዳል። 65 ዓመት ለሞላው፣ አካል ጉዳተኛ ለሆነ፣ ወይም ወደ አገር ከገባ 5 ዓመት ላልሞላው ሰው፣ ከሻጩ ጋር በስልክም ሆነ በመልእክት ንግግር ተደርጎ ከነበረ፣ ጊዜው አራት ወር ነው። ብዙ ሽማግሌዎቻችን ይህን መብት አያውቁትም። ሻጩ ለስረዛው ሊቀንስ የሚችለው ከዋጋው 5 ከመቶ ወይም 100 ሸቀል፣ ከሁለቱ አነስተኛውን ነው፤ ዕቃው ጉድለት ካለው ያንንም አይቀንስም። የሚሉት ቃል «ቢቱል ኢስካ» ነው፤ በጽሑፍ ይላኩት፣ ቅጂውን ያስቀምጡ። ዕቃውን ግን ከመግጠምዎ በፊት ከአሮጌው ጋር ጎን ለጎን አስቀምጠው ቀዳዳውን፣ ሶኬቱንና የሽቦውን ቁጥር ያመሳክሩ፤ ተገጥሞ የተቧጨረን ዕቃ መመለስ ክርክር ያመጣል።

ሙሳኽ ከሄዱ ሥራው ከመጀመሩ በፊት የሚቀየረው ዘንግ፣ መሠረት ወይስ ገመድ መሆኑን ጠይቀው ዋጋውን በጽሑፍ ያግኙ። «ሬዲዮው ነው» ካሉ «በሌላ አንቴና ሞከራችሁት?» ብለው ይጠይቁ። የወጣውን አሮጌ ዕቃ ይጠይቁ፣ ካባላውን ይያዙ። ቋንቋው ከከበደዎ ልጅዎን በስልክ ያገናኙ፤ ሳይገባዎ አይፈርሙ።

እግረ መንገዳችንን ለወላጆች አንድ ነገር። ይህን ሥራ በጥንቃቄ የሠራ፣ ሽቦ መለካት የወደደ ወጣት ቤትዎ ካለ የመኪና ኤሌክትሪክ ራሱን የቻለ ሙያ መሆኑን ይንገሩት። የዛሬ መኪና ግማሹ ሽቦና ኮምፒውተር ነው። ትምህርት ይጠይቃል፤ የት እንደሚሰጥ በማትናስ ወይም በሥራ ቢሮ ይጠይቅ።

ሥራው ካለቀ በኋላ መኪናውን ወደ ማጠቢያ ማሽን ከማስገባትዎ በፊት ዘንጉን በእጅ ፈትተው ወንበር ላይ ያስቀምጡት። በዓመት ሁለት ሦስት ጊዜም ፈትተው ጥርሱን በደረቅ ጨርቅ ይጥረጉ፤ እንዲህ የሚደረግለት ዘንግ በጨው አይያዝም። ከማጠቢያው ሲወጡ ቪቴው በቆሻሻ እንዳይሞላ ወዲያው መልሰው ይሰሩት።